ኤስኪለስ፣ ሶፎክልስ ወይስ ዩሪፒደስ? ለጠላት ስላለቀሱ ተውኔቶች

ሰላም ለሁላችሁ። የጥንቱን የግሪክ ትራጄዲ የምታነቡ ወይም ትያትር የተማራችሁ ካላችሁ አንድ ጥያቄ አለኝ። ከሦስቱ ታላላቆች ማንን ታስቀድማላችሁ? ኤስኪለስን፣ ሶፎክልስን ወይስ ዩሪፒደስን?

እኔ ዩሪፒደስን ባይ ነኝ። ምክንያቴ አንድ ተውኔት ነው፤ «የትሮይ ሴቶች»። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ415 አቴንስ ውስጥ ለመድረክ በቃ። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሌላ ካላልኩ በስተቀር ከልደት በፊት ናቸው።) ተውኔቱ ውስጥ ውጊያ የለም። ግሪኮች የትሮይን ከተማ ከበው የተዋጉት ጦርነት አልቋል። ወንዶቹ ተገድለዋል። ሴቶቹ ለየትኛው የግሪክ አለቃ ባሪያ እንደሚሆኑ ዕጣ ወጥቶባቸዋል። ግሪኮቹ የትሮይን ጀግና የሄክተርን ሕፃን ልጅ ከግንብ ላይ ወርውረው ይገድሉታል፤ ካደገ ይበቀለናል ብለው ነው። ሬሳውን ለአያቱ ለሄኩባ የሚያመጣላት የግሪኮቹ መልእክተኛ ታልቲቢየስ ነው። ስካማንደር ወንዝን ሲሻገር ሬሳውን እንዳጠበው፣ ቁስሉንም እንዳጸዳው ይነግራታል። ከዚያ መቃብር ሊቆፍር ይሄዳል። አሮጊቷ የልጅ ልጇን በአባቱ ጋሻ ላይ አስተኝታ ትገንዘዋለች።

ይህን ቁጭ ብለው ያዩት እነማን ናቸው? አቴናውያን። ከጥቂት ወራት በፊት ሜሎስ የምትባለውን ደሴት ይዘው ወንዶቹን የፈጁ፣ ሴቶቹንና ሕፃናቱን ለባርነት የሸጡ አቴናውያን! ያሸነፈ ሕዝብ የተሸናፊውን ለቅሶ እንዲያይ ያደረገ ጸሐፊ ለእኔ ከሁሉም ይበልጣል። የትያትር ውድድሩን ሽልማት ግን ዜኖክልስ የሚባል ሰው ወሰደ። ዛሬ ከዚህ ሰው አንድም ሙሉ ተውኔት አልተረፈም። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

(ክሩ ስለረዘመ ዘግይተው ለሚመጡ አንባቢዎች ስል የመልሶቹን ፍሬ ሐሳብ በራሴ ቃል ከዚህ በታች አስፍሬዋለሁ።)

1ኛ መልስ። ባሕር ዳር ከሚኖሩ መምህር የመጣ ነው። በትሕትና ከእኔ ጋር መስማማታቸውን ገልጸው አንድ ታሪክ ጨመሩ። በ413 የአቴንስ ጦር ሲሲሊ ላይ ድምጥማጡ ጠፋ። ከተማረኩት ብዙዎቹ ሰራኩስ ከተማ ድንጋይ የሚፈለጥበት ጉድጓድ ውስጥ ታጉረው አለቁ። የጥንቱ ጸሐፊ ፕሉታርክ እንደጻፈው ግን አንዳንዶቹ የዩሪፒደስን ግጥም በቃላቸው ይወጡት ስለነበር ነፃ ተለቀቁ። ሲሲሊያውያን የእሱን ግጥም እንደ ነፍሳቸው ይወዱት ነበር። መምህሩ በዚህ አበቁ።

2ኛ መልስ። ይሄኛው ቁጥር ይዞ መጣ። ዩሪፒደስ በሕይወቱ ያሸነፈው 4 ጊዜ ብቻ ነው። አምስተኛውን ያገኘው ከሞተ በኋላ ነው። ኤስኪለስ 13 ጊዜ አሸንፏል። ሶፎክልስ ደግሞ በታላቁ የዲዮኒሶስ በዓል ብቻ 18 ጊዜ አሸንፏል፤ አንድም ቀን ሦስተኛ ወጥቶ አያውቅም። ጸሐፊው ለሶፎክልስ የቆመ ነው። እኛ ዛሬ ተነስተን እዚያው ቁጭ ብሎ ካየው ሕዝብ በላይ እናውቃለን ማለታችን ድፍረት እንደሆነ ተናገረ። ጨዋ አነጋገር ነው፤ ግን ቆንጠጥ ያደርጋል።

3ኛ መልስ። ትያትር የተማረች ልጅ ናት፤ ለ2ኛው ነው የመለሰችለት። በጣም ጠቃሚ ስለሆነ ረዘም አድርጌ ልጻፈው። በዓሉ በጸደይ የሚከበር ነው። ተውኔቱ የሚታየው በአክሮፖሊስ ደቡባዊ ተዳፋት ላይ ነው። ሦስት ጸሐፊዎች ይወዳደራሉ። እያንዳንዳቸው ሦስት ትራጄዲና ሳቲር የሚባል አንድ ቧልት ያለበት ተውኔት ያቀርባሉ። ዳኞቹ ከአስሩ የአቴንስ ነገዶች በዕጣ የሚወጡ 10 ሰዎች ናቸው። የሁሉም ድምፅ ደግሞ አይቆጠርም፤ በዕጣ የወጣው ብቻ ነው የሚቆጠረው። የኮረሱን፣ ማለትም መድረክ ላይ በኅብረት የሚዘፍነውን ቡድን፣ ወጪ የሚሸፍነው አንድ ሀብታም ነው። እሱ ቆጥቋጣ ከሆነ ጸሐፊው አለቀለት። ስለዚህ ሽልማቱ የተሰጠው ለአራቱም ተውኔት፣ ለዘፈኑ፣ ለልብሱ፣ ለሁሉም አንድ ላይ ነው። በ431 የዩሪፒደስ «ሜዲያ» ሦስተኛ ወጣች ሲባል አብረዋት የቀረቡት ሌሎቹ ሦስት ዛሬ ጠፍተዋል። ምን ያህል ጎትተዋት እንደነበር ማን ሊነግረን?

ይህቺው ልጅ የራሷንም ገጠመኝ ጻፈች። ዩኒቨርሲቲ እያለች የሶፎክልስን «አንቲጎን» ሲሠሩ የኮረሱ አባል ነበረች። ከወረቀትና ከዱቄት ሙጫ ጭምብል ሠርተው አደረጉ። ጭምብሉ ውስጥ ድምፅሽ ወደ ራስሽ ጆሮ ይመለሳል፣ የጎንሽን ሰው ግን አትሰሚውም። 15 ሰው አንድ ላይ ቃል እንዲያወጣ የግድ በትንፋሽ መግባባት ነበረባቸው። አንዱ አየር ሲስብ ሁሉም ይስባል። ኮረስ የሚባለውን ነገር መጽሐፍ ላይ እየዘለለች ታነበው እንደነበር፣ ከዚያ ወዲህ ግን መጀመሪያ የምታነበው እሱን እንደሆነ ነገረችን። ይህን ሳነብ እኔም «የትሮይ ሴቶች»ን አውጥቼ የኮረሱን ክፍል ብቻ ጮክ ብዬ አነበብኩት። ሞክሩት።

4ኛ መልስ። ለእኔ የክሩ ትልቁ መልስ ይህ ነው። የጻፉት በጡረታ ላይ ያሉ የቀድሞ መኮንን ናቸው፤ ሁላችንም በኋላ ጋሼ እያልናቸው ቀጠልን። ጋሼ ለኤስኪለስ ነው የቆሙት። ኤስኪለስ በ490 ማራቶን ላይ የተዋጋ ወታደር ነው። ወንድሙ ኪኔጊረስ እዚያው ሞተ። የታሪክ ጸሐፊው ሄሮዶተስ እንደጻፈው የፋርሶችን መርከብ በእጁ ይዞ ሳለ እጁን በመጥረቢያ ቆረጡት። ከአሥር ዓመት በኋላ ፋርሶች ተመልሰው መጡ፤ አቴንስን አቃጠሉ፤ ከዚያ ሳላሚስ ላይ በባሕር ተሸነፉ። እንግዲህ በ472፣ ከሳላሚስ ገና 8 ዓመት በኋላ፣ ይህ ወንድሙን የቀበረ ሰው «ፋርሶች» የሚል ተውኔት ይዞ መድረክ ላይ ወጣ።

ታሪኩ የሚካሄደው ጠላት ቤት ነው፤ ሱሳ፣ የፋርሶች ቤተ መንግሥት። የንጉሡ እናት ልጇን ትጠብቃለች። መልእክተኛ መጥቶ የሞቱትን የጦር አለቆች በስም በስማቸው ይጠራል። ከግሪክ በኩል ግን የአንድም ጀግና ስም አይጠራም። በመጨረሻ ንጉሥ ዘርክሲስ ልብሱ ተቀዶ ይገባል። እሱ አንድ ስንኝ ያወጣል፣ ሽማግሌዎቹ እየተቀበሉ ደረት ይመታሉ፤ ልክ እንደ እኛ ሙሾ። ተውኔቱ በዚሁ ለቅሶ ያልቃል። አንደኛም ወጣ። ወጪውን የሸፈነው በኋላ የአቴንስ መሪ የሆነው ፔሪክልስ ነው፤ ያኔ ወጣት ነበር።

ጋሼ የጨመሩት ነገር ልቤን ነክቶታል። ወታደር የነበረ ሰው የገደላቸውን ሰዎች እናት አስቦ መጻፍ ምን ማለት እንደሆነ በጦር ሜዳ ያልዋለ አይረዳውም ባይ ናቸው። ኤስኪለስ በ456 አካባቢ ሲሲሊ ውስጥ ጌላ በምትባል ከተማ ሞተ። መቃብሩ ላይ የተጻፈው ግጥም ማራቶን ላይ መዋጋቱን ያነሳል፤ ስለ ተውኔቶቹ አንድ ቃል የለውም።

5ኛ መልስ። አጭር ነው፤ ግን ቁም ነገር አለው። ከኤስኪለስ በፊት ፍሪኒከስ የሚባል ጸሐፊ ነበር። ፋርሶች ሚሌተስን፣ የአቴንስን ወዳጅ ከተማ፣ በ494 ደመሰሷት። ፍሪኒከስ ይህንኑ ተውኔት አድርጎ አቀረበው። ተመልካቹ በሙሉ አለቀሰ። ከዚያ የራሳችንን መከራ አስታወስከን ብለው 1000 ድራክማ ቀጡት፤ ተውኔቱም ሁለተኛ እንዳይታይ ከለከሉ። የመልሱ ጸሐፊ ይህን ከ4ኛው ጋር አያያዘው። አቴናውያን የራሳቸውን ለቅሶ ከለከሉ፣ የጠላታቸውን ለቅሶ ሸለሙ። ለምን ይሆን ብሎ ጠየቀ።

6ኛ መልስ። ይህ የእኔ ነው። ጋሼን አመስግኜ በሐሳቤ ጸናሁ። «ፋርሶች» ውስጥ ጥፋተኛው ዘርክሲስ ራሱ ነው። ትዕቢቱ ነው የጣለው። የአባቱ የዳርዮስ መንፈስ ከመቃብር ወጥቶ ይህንኑ ይመሰክራል። ስለዚህ የአቴንስ ሰው እያዘነም ቢሆን ኩራት ይዞ ነው ወደ ቤቱ የሚሄደው። «የትሮይ ሴቶች» ላይ ግን ጥፋተኞቹ ግሪኮቹ ናቸው። ሕፃን ከግንብ የወረወሩት የተመልካቹ አባቶች ናቸው። ከዚህ በኋላ የሚያኮራ ነገር የለም። ይህ ልዩነት ለእኔ ትልቅ ነው፤ አሁንም ትልቅ ነው።

ጋሼ ዝቅ ብለው አንድ ነገር ብቻ አረሙ። ሜሎስ የወደቀችው በክረምት ነው፣ ተውኔቱ የታየው በጸደይ። ኮረስ ለማሠልጠን ወራት ይፈጃል። ስለዚህ ዩሪፒደስ ለሜሎስ ብሎ ጻፈው ማለት እንደማይቻል፣ የሚቻለው ተመልካቹ ሜሎስን ሳያስብ ሊያየው አይችልም ማለት እንደሆነ አስረዱ። እኔም ያልኩት ተመልካቹን ነው። በዚህ ተግባባን።

7ኛ መልስ። እዚህ ላይ ነገሩ ጦፈ። አንድ ሰው ገብቶ ሁላችንንም ወረፈን። የእኛው ሙሾ፣ የእኛው ፉከራ፣ የእኛው ቅኔ ሰሚ አጥቶ እየሞተ የፈረንጅ ሙታን ምን አደረጉልን የሚል ነው ሐሳቡ። ጋሼን ሳይቀር በአንተ ነው የጠራቸው፤ ይህ ብዙ ሰው አስቆጣ።

8ኛ መልስ። ከ3ኛዋ ልጅ ነው፤ ምራቋን ዋጥ ያደረገች አትመስልም፤ ቱግ ብላለች። ስለ ቅኔ ክር እንዳይከፍት ማን እጁን እንደያዘው ጠየቀችው። ታላቅን በአንተ እየጠሩ ስለ ባህል መቆርቆር አይገባኝም ብላም ደመደመች።

9ኛ መልስ። ነገሩን ያበረዱ ሰው የጻፉት ነው። ፀጋዬ ገብረመድህን ኦቴሎን፣ ማክቤዝንና ሐምሌትን ወደ አማርኛ መልሶ፣ በዚያው እጁ የራሳችንን ታሪክ ተውኔት አድርጎ እንደጻፈ አስታወሱን። የሌላውን መቅመስ የራስን አያስጠላም ባይ ናቸው። እኔም ከዚህ ሌላ የምለው የለኝም። 7ኛው ግን አልተመለሰም። ቢመለስና ስለ ሙሾ ቢጽፍልን ከልቤ ደስ ይለኝ ነበር።

10ኛ፣ 11ኛ እና 12ኛ መልስ። ሦስቱን አንድ ላይ አነሳቸዋለሁ፤ ከመንገድ ወጥተዋልና። 10ኛው ሰው ለማስታረቅ ብሎ አንድሮሜዳን አመጣ። በግሪኮች አፈ ታሪክ የኢትዮጵያ ንጉሥ የኬፍየስ ልጅ ናት። ዩሪፒደስ በ412 «አንድሮሜዳ» የሚል ተውኔት አቅርቧል። ስለዚህ ይህ ትያትር የእኛም ታሪክ ነው አለ። 11ኛው እንደ እሳት ተቆጣ። ግሪኮቹ ኢትዮጵያ ይሉት የነበረው ከግብፅ በታች ያለውን ምድር በሙሉ ነው፤ አንዳንዴ ፀሐይ የምትወጣበትን የዓለም ዳር ሁሉ ይጨምር ነበር። ያንን ዛሬ ካለችው አገር ጋር አንድ አድርጎ ማውራት ታሪክ አይደለም፣ ተረት ነው አለ። እዚህ ድረስ ልክ ነበር። ከዚያ ወዲያ የጻፈው ስድብ ስለሆነ ትቼዋለሁ። 12ኛዋ አረጋጋቻቸው። ኤስኪለስም ስለ ኢትዮጵያውያን ንጉሥ ስለ ሜምኖን እንደጻፈ፣ የሁለቱም ተውኔቶች ሙሉ ጽሑፍ እንደጠፋ፣ የቀረው ቁርጥራጭ ብቻ መሆኑን ነገረችን። በገጣሚው በሆሜር ሥራ ላይ አማልክቱ ኢትዮጵያውያን ዘንድ ግብዣ እንደሚሄዱም ጠቀሰች። ይህ ደስ የሚል ጉዳይ ነው፤ ራሱን የቻለ ክር ይገባዋል።

13ኛ መልስ። ወደ «ሜዲያ» ተመለስን። ይህ ሰው ዩሪፒደስን አይወድም። ልጆቿን ያረደች ባዕድ ጠንቋይ ምን ታስተምራለች ነው የሚለው።

14ኛ መልስ። ከአንዲት የቃሊቲ ልጅ። መልሷ ስለት ነው። ይህ አነጋገር የሜዲያ ባል የጄሰን እንደሆነ፣ ተውኔቱ ውስጥ ጄሰን ራሱ ይህን የምትደፍር ግሪካዊት አትገኝም እንደሚል አሳየችው። ሜዲያ ለዚህ ሰው አባቷን ከድታ፣ አገሯን ትታ መጣች። እሱ የኮሪንቶስን ንጉሥ ልጅ አገባ። መመለሻ የላትም። አንድ ጊዜ ከመውለድ ሦስት ጊዜ ጋሻ ይዞ ጦር ሜዳ መቆም ይሻላል የምትለውን ንግግር ወንዶች ለወንዶች በሚጽፉበት መድረክ ላይ ያስነገረ ሌላ ማን አለ ብላ ጠየቀች።

15ኛ መልስ። የምትጽፈው አዋላጅ ነርስ ናት። ሁለቱም ግማሹን እንዳነበቡ ነገረቻቸው። እሷን የያዛት ሜዲያ ከመግደሏ በፊት ያለው ቦታ ነው። ልጆቿ ቀና ብለው ያዩዋታል፣ ፈገግ ይላሉ። ልቧ ይከዳታል፣ አልችልም ትላለች። ከዚያ ጠላቶቼ ይሳቁብኝ ወይ ብላ ትመለሳለች። ደግሞ ልቧ ይራራል። ደግሞ ትጨክናለች። የልጆቿን ቆዳ ልስላሴና ትንፋሻቸውን ታወሳለች። ነርሷ ከምሽት ፈረቃ ወጥታ ይህን ስታነብ መጽሐፉን ዘግታ እንዳስቀመጠችው፣ ለመጨረስ ብዙ ቀን እንደፈጀባት ጻፈች። ዩሪፒደስ ይቅር አላላትም፣ አልፈረደባትምም። ሜዲያ ያደረገችውን እያወቀች ስታደርገው አሳየን። 13ኛው አመሰገናት፤ 14ኛዋም ዝም አለች።

16ኛ መልስ። ዶሃ የሚኖር ወንድማችን ነው፤ ሾፌር ነው። እስካሁን ለሶፎክልስ የተከራከረ አንድ ሰው ብቻ መሆኑ ገርሞት ነው የጻፈው። ሶፎክልስ ሲባል ሰው ሁሉ «ኤዲፐስ» የተባለውን ተውኔቱን ያነሳል፤ እሱ ግን «ፊሎክቴተስ»ን ያስቀድማል። ሶፎክልስ ይህን በ409 ሲያቀርብ ወደ 90 ዓመት ተጠግቶት ነበር፤ አንደኛም ወጣበት። ፊሎክቴተስ እግሩን እባብ ነድፎታል። የቁስሉ ሽታና የሕመሙ ጩኸት ስላስመረራቸው ጓደኞቹ ሌምኖስ ደሴት ላይ ጥለውት ሄዱ። አሥር ዓመት ብቻውን ኖረ። አሁን ትሮይን ለመያዝ ቀስቱ ስላስፈለጋቸው ኦዲሲየስና ወጣቱ ኒዮፕቶሌመስ ሊያታልሉት መጡ። ፊሎክቴተስ እንግዶቹን ሲያይ መጀመሪያ የለመናቸው ምግብ አይደለም፤ እንዲናገሩ ነው። የአገሩን ቋንቋ ሲሰማ ደስታው ወሰን አጣ።

ወንድማችን በረሃ ውስጥ አማርኛ የሚናገር ሰው በሌለበት ካምፕ ለወራት እንደሠራ፣ አንድ ቀን ነዳጅ ማደያ ላይ ሁለት ሴቶች በአማርኛ ስለ ሽንኩርት ዋጋ ሲያወሩ ሰምቶ መኪናውን አቁሞ ዝም ብሎ እንዳዳመጣቸው ጻፈልን። ከዚህ በላይ ስለ ሶፎክልስ ምንም አልጨመረም። አልፈለገምም።

17ኛ መልስ። 2ኛው ተመልሶ መጣ፤ ቃናው ለዝቧል። ሶፎክልስና ዩሪፒደስ ዕድሜ ልካቸውን እንደተፎካከሩ፣ ነገር ግን በ406 የዩሪፒደስ መርዶ ከመቄዶንያ ሲመጣ ሶፎክልስ የሐዘን ልብስ ለብሶ፣ የኮረሱን የራስ ጉንጉን አስወልቆ ሕዝብ ፊት እንደቀረበ ተረከልን። ብዙም ሳይቆይ እሱም ሞተ። በዓመቱ በ405 አሪስቶፋነስ «እንቁራሪቶች» የሚል ኮሜዲ አቀረበ። ኤስኪለስና ዩሪፒደስ ሲኦል ውስጥ ማን ይበልጣል ብለው ይከራከራሉ፤ ስንኛቸውም በሚዛን ይመዘናል። ኤስኪለስ አሸነፈ። ጋሼ ይህን ሲያነቡ ደስታቸውን አልሸሸጉም።

18ኛ መልስ። ይህ ለእኔ አዲስ ብርሃን ነበር። የቤተ መጻሕፍት ባለሙያ ናት። ኤስኪለስና ሶፎክልስ እያንዳንዳቸው 7 ተውኔት ብቻ ነው የተረፋቸው። ሶፎክልስ የጻፈው ከ120 በላይ ነው! ዩሪፒደስ ግን 19 አለው፤ ምንም እንኳ የአንዱ የእሱ መሆን ቢያጠራጥርም። ለምን በለጠ? የሌሎቹ የተረፉት ለተማሪ ቤት የተመረጡት ናቸው። ከዩሪፒደስም 10ሩ እንደዚያው ናቸው። 9ኙ ግን የተረፉት በአጋጣሚ ነው። ሙሉ ሥራው በፊደል ተራ ተደርድሮ ተገልብጦ ነበር፤ ከዚያ ውስጥ በግሪክ ፊደል ከኤፕሲሎን እስከ ካፓ የሚጀምሩት ብቻ ደረሱን። በዋናነት የሚገኙትም ፍሎረንስ ባለ አንድ ጥንታዊ የእጅ ጽሑፍ ውስጥ ነው። ከፍጥጫችን ጋር ያያዘችው እንዲህ ነው። የኤስኪለስንና የሶፎክልስን የምናውቀው ምርጥ ምርጡን ነው። የዩሪፒደስን ግን ምርጡንም ተራውንም። ተራውም ቢሆን ይህን ያህል ካስለቀሰ ፍርዱን ለእናንተ ትቻለሁ አለች። አንጀቴን አራሰችው።

19ኛ መልስ። ሰሞኑን የተገኘ ነገር ካለ ለሚጠይቁ ነው። በእኛ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ2022፣ ግብፅ ውስጥ ፊላደልፊያ በተባለ ጥንታዊ ቦታ በመቃብር ውስጥ ፓፒረስ ተገኘ። ላዩ ላይ የዩሪፒደስ የጠፉ ሁለት ተውኔቶች፣ የ«ኢኖ» እና የ«ፖሊዪደስ» ስንኞች አሉበት፤ በጠቅላላው ወደ መቶ የሚጠጋ ስንኝ። ስለዚህ ነገሩ ገና አልተዘጋም።

20ኛ መልስ። አንድ ተማሪ ከየት ልጀምር ብሎ ጠየቀ። ጋሼ «ፋርሶች» አሉት፣ 2ኛው ኤዲፐስ አለው፣ ነርሷ ሜዲያን በቀን እንዲያነባት መከረችው። እኔ በዶሃው ወንድማችን ምክንያት «ፊሎክቴተስ» አልኩት፤ እኛም ለሚቀጥለው ወር አብረን የምናነበው እሱን እንዲሆን ተስማማን። ጋሼ ከወዲሁ አንድ ጥያቄ ጥለዋል። ኒዮፕቶሌመስ ቀስቱን መልሶ፣ ጦርነቱን ትቶ፣ ፊሎክቴተስን ወደ አገሩ ሊወስደው ቃል ከገባ በኋላ አምላክ የሆነው ጀግና ሄራክልስ ከላይ ተገልጦ ሁለቱንም ወደ ትሮይ ይልካቸዋል። ወጣቱ በራሱ ኅሊና ከወሰነ በኋላ ሶፎክልስ አምላክ ማምጣት ለምን አስፈለገው? ያነበባችሁ 21ኛ ብላችሁ ከታች ጻፉ።